ጫጫታ የሚፈቀድበት ላይብረሪ

እኛ ላይብረሪ ስንል የምናውቀው አንድ ነገር ነው፦ መጽሐፍ የተደረደረበት፣ ወንበር ሲንቀጫቀጭ አንገት ሁሉ የሚዞርበት፣ ሳል የያዘው ሰው ሳሉን ይዞ ደጅ የሚወጣበት ቤት። ስለዚህ የልጅ ልጄ ለፋሲካ ከዩኒቨርሲቲ መጥቶ «አባባ፣ ያ ድሮ ስትጠግነው የነበረው የድምፅ ቺፕ እኮ አሁን ላይብረሪ አለው» ሲለኝ ደስ አለኝ። እሰይ፣ አንድ የሚያስብ ሰው ተገኝቶ በመስተዋት ሣጥን አስቀምጦታል፣ ስሙንና የተወለደበትን ዘመን በካርድ ጽፎለታል አልኩ። ካፖርቴን አነሣሁ። «በስንት ሰዓት ነው የሚዘጋው?» ብዬም ጠየቅሁ።

ልጁ ሳቀ። እስኪበቃው ሳቀ። ላይብረሪው ለካ በር የለውም። መደርደሪያ የለውም፣ በመነጽሯ ሥር የምታፈጥ ሴትዮም የለችም። ሌሎች ፕሮግራሞች ሲቸግራቸው መጥተው የሚጠቀሙበት የተጻፈ ትእዛዝ ነው አለኝ። «ውስጡ ምን አለ?» ብለው «ድምፅ» አለኝ። እንግዲህ ፍረዱኝ! በዓለም ላይ ዝም የሚባልበት አንድ ቤት ቢኖር የሱን ስም ነጥቀው ለሚጮህ ነገር ሰጡት።

«ቺፕ» የምለውም ከነሱ ጋር ለመግባባት ብዬ ነው። በእኛ ጊዜ ስሙ አይሲ ነበር። ቺፕስ እንደሆነ በዘይት የሚጠበስ ድንች ነው።

ማን ነህ ለምትሉኝ፣ ሬዲዮ ጠጋኝ ነኝ። ፒያሳ ጀምሬ ፍራንክፈርት የጨረስኩ። ከዚህ በኋላ የምጠራቸው ዓመቶች ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው፤ ከነሱ ጋር አርባ ዓመት ኖሬ እኔም ተምታቶብኛል። በ1983 ጀርመን ስገባ የአገሩ ልጅ ሁሉ ስለ አንድ ዕቃ ነበር የሚያወራው። ኮሞዶር 64 ይባላል። በ1982 የወጣ፣ መጀመሪያ አሜሪካ ውስጥ በ595 ዶላር የተሸጠ፣ ዕድሜው እስኪያልቅ ከ12 ሚሊዮን በላይ ገዢ ያገኘ የቤት ኮምፒውተር ነው። የማስታወሻው አቅም 64 ኪሎባይት ብቻ ነው፤ የልጅ ልጄ ስልክ አንዲት የድመት ፎቶ ለማስቀመጥ ከዚያ ብዙ እጥፍ ትጠይቃለች። ጀርመኖቹ ቅርጹን አይተው «የዳቦ ሣጥን» የሚል ስም አውጥተውለት ነበር። ለኔ ስሙ እውነት ሆነ። እንጀራዬን ያወጣሁት ከዚያ የዳቦ ሣጥን ነው።

በሣጥኑ ውስጥ 28 እግር ያላት አንዲት ጥቁር አይሲ አለች። ቁጥሯ 6581፣ የቤት ስሟ ሲድ ነው። በ1981 ኤም.ኦ.ኤስ ቴክኖሎጂ በሚባለው ኩባንያ ውስጥ ሆኖ የነደፋት ቦብ ያኔስ የሚባል ወጣት መሐንዲስ ነው። በዚያ ዘመን ኮምፒውተር ድምፅ አወጣ ሲባል የበር ደወል አለቀሰ ማለት ነበር። ያኔስ ግን ሙዚቃ የገባው ሰው ነውና አንድ ሙሉ ሲንተሳይዘር ጥፍር በምታክል ነገር ውስጥ ካልከተትኩ አለ። 32 ድምፅ ሊሰጣት አስቦ ጊዜ ስላጠረው ሦስት ሰጣት። ሦስቱን ግን ነፍስ ዘራባቸው። እያንዳንዱ ድምፅ በምን ፍጥነት እንደሚነሣ፣ የት ድረስ እንደሚወርድ፣ ስንት እንደሚቆይ፣ እንዴት እንደሚጠፋ ይታዘዛል። ከዚያ ጠላ እንደሚጠለል ሁሉ በአንድ ማጣሪያ ያልፋል። ማጣሪያው ሲጠብ ድምፁ ይደፈናል፣ ሲከፈት ይፈካል።

ልጆቹ ሱቃችን ገብተው ለሽያጭ የቆመውን መሣሪያ ሲያገኙ መጀመሪያ የሚጽፉት «ፖክ 54296,15» ነበር። የድምፁን ጉልበት እስከ ጫፍ ክፈተው ማለት ነው። ያንን ቁጥር ዛሬም ከእንቅልፌ ብትቀሰቅሱኝ አልስተውም። የጋብቻችንን ቀን ግን ባለቤቴ ናት የምታስታውሰኝ።

እንግዲህ ቅሬታዬን በየተራ ላቅርብ።

አንደኛው፣ ላይብረሪው ትኩሳት የለውም። ሲድ በ12 ቮልት የምትሠራ አይሲ ናት፤ ጤነኛዋም ትግላለች። ጀማሪ ሳለሁ አይሲ በጣቴ ሳልነካ አላምንም ባይ ስለነበርኩ ጣቴን ለብልባኝ፣ ደንበኛ ፊት ጣቴን እንደ ሕፃን አፌ ውስጥ ከትቼ ቆሜአለሁ። ጥፋቱ የኔ ነው፤ ግን መኖሯን አወቅሁ። የልጁን ላፕቶፕ ብዳስስ ምን አገኛለሁ? «አይሲው የት ጋ ነው ያለው?» ስለው «የትም» ይለኛል። የሚሸት ብየዳ የለም፣ የሚቆጠር እግር የለም። በእኛ አገር ይህን የመሰለ ንብረት ስም አለው፤ ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ።

ሁለተኛው፣ ልፋቱ። ይህ ልጅ የሚጠቀምበት ላይብረሪ ሬሲድ ይባላል። ዳግ ሌም የተባለ ኖርዌያዊ በ1990ዎቹ መጨረሻ ጽፎ ማንም በነጻ እንዲጠቀምበት የለቀቀው ነው። አሠራሩን ልጁ ሲያስረዳኝ ራሴን ያዝኩ። አውሮፓ የተሸጠው ኮሞዶር ልቡ በሰከንድ 985,248 ጊዜ ይመታል። ላይብረሪው በእያንዳንዷ ምት ላይ ቆሞ፣ አንደኛው ድምፅ የት ደረሰ፣ ሁለተኛው እየወጣ ነው ወይስ እየወረደ፣ ማጣሪያው ምን ያህል አሳለፈ እያለ ይተምናል። ይህን ሁሉ አስልቶ ሲያበቃ ለስፒከሩ የሚሰጠው ከዚያ ጨምቆ በሰከንድ 44,100 ቁጥር ነው። አንዲት አይሲ ዝም ብላ ተቀምጣ የምታደርገውን ነገር ለመድገም ሚሊዮን ለጥቂት የጎደለው ስሌት በየሰከንዱ! ባለቤቴ ከጓዳ ሆና ሰምታ «የመብራቱን ሒሳብ ማነው የሚከፍለው?» አለች። እኔም ይህንኑ ልጠይቅ ነበር።

ደግሞ ቁጥር ይዋሻል። በፊልም ላይ የሠረገላ ጎማ ወደ ኋላ ሲሽከረከር አይታችኋል? ካሜራው ቶሎ ቶሎ ስለማይቆጥር ነው። የነዚህ አሮጌ አይሲዎች ድምፅም እንደ ደረጃ ቀጥ ብሎ የሚነሣና ቀጥ ብሎ የሚወድቅ ነው። የደረጃው ጠርዝ በሁለት ቁጥር መሐል ሲውል፣ በዋናው ዘፈን ውስጥ ያልነበረ የውሸት ፉጨት ይፈጠራል። ሼይ ግሪን የሚባል ሰው ለዚህ ብቻ ሌላ ላይብረሪ ጽፏል፤ ብሊፕ በፈር ይባላል። ደረጃው በወደቀበት ትክክለኛ ቅጽበት ላይ ጠርዟ በልክ የተሞረደች ደረጃ ይተካል፣ ፉጨቱም ይጠፋል። ይህንን ስሰማ ሰውየውን በልቤ ጠጋኝ ብዬ ሾምኩት። ያልተጠየቀውን ጉድለት አይቶ በልክ የሚሞርድ ሰው ጠጋኝ ነው።

ሦስተኛውና ዋናው ቅሬታዬ ይሄ ነው። እኔ ዕድሜ ልኬን ያባረርኩትን ጉድለት እነዚህ ልጆች በፋኖስ እየፈለጉ ያስገቡታል።

ላስረዳ። የሲድ የድምፅ ጉልበት ከ0 እስከ 15 ነው። በ6581 ላይ ይህን ቁጥር በለወጣችሁ ቁጥር አይሲዋ «ጠቅ» ትላለች። ዘፈን ባይኖርም ትላለች። በሥርዓቱ ከሆነ ጉድለት ነው። ሙዚቀኞቹ ግን ጠቅታውን በሰከንድ ሺህ ጊዜ እየደጋገሙ ከበሮ አወጡበት፣ የሰው ጩኸት አወጡበት። ማርቲን ጋልዌይ በ1987 ለአርካኖይድ ጨዋታ በሠራው ሙዚቃ ተጠቅሞበታል። ሦስት ድምፅ ብቻ የተሰጣት አይሲ አራተኛውን ከሕመሟ አበቀለች።

ኋላ ፋብሪካው አይሲዋን አሻሽሎ 8580 የምትባል እኅት አወጣላት። በ9 ቮልት ትሠራለች፣ ማጣሪያዋ የተስተካከለ ነው፣ ጠቅታዋም ሊጠፋ ምንም አልቀረው። እኛ ጠጋኞች እልል አልን። ሰዉ ግን አዲሱን መሣሪያ ገዝቶ የድሮ ጨዋታውን ሲከፍት ከበሮው የለም፤ ከግድግዳ ማዶ እንደሚወራ ሹክሹክታ ሆኗል። አንዳንዱ ታዲያ መሣሪያውን ከፍቶ ትንሽ ሬዚስተር ይበይድባታል። ለምን? የዳነችው አይሲ እንደገና እንድትታመም!

ማጣሪያዋማ የባሰ ነው። የ6581 ማጣሪያ ከፋብሪካው ሲወጣ አንዱ ካንዱ አይገጥምም። የዚህኛው ቤት ሲድ እንደ ጥዋት ወፍ ትፈካለች፣ የዚያኛው ቤት ሲድ ብርድ ልብስ ተከናንባ ትዘፍናለች። ዘፈን ደራሲው የራሱን አይሲ እየሰማ አስተካክሎ ይሸጣል፤ ገዢው ቤቱ ወስዶ በራሱ አይሲ ይሰማና «ምነው ደፈነው?» ይላል።

እና ላይብረሪው ምን ቢያደርግ ጥሩ ነው? ይህን ሁሉ ገልብጦታል! ጠቅታውን፣ ድፍንፍን ማለቱን፣ ዝም በል ሲባል ሙሉ በሙሉ ዝም አለማለቱን ሳይቀር። መጀመሪያ «6581 ነው ወይስ 8580 የምትፈልገው?» ብሎ ይጠይቃል። ከሬሲድ ተወልዶ በሌሎች እጅ ባደገው ላይብረሪ ውስጥ ደግሞ ማጣሪያው ይበልጥ እንዲፈካ ወይም ይበልጥ እንዲደፈን የሚያደርግ ማስተካከያ አለ። ይታያችሁ፣ በየትኛው በሽታ ልታመምልህ ብሎ የሚያማርጥ በሽተኛ! በእኛ ሱቅ ደንበኛ ገብቶ «እባክህ ድምፁን ትንሽ አበላሽልኝ» ቢለን የሚቀመጥበት ወንበር ሰጥተን ውኃ እናጠጣው ነበር።

ያማሃ በሚባለው ኩባንያ አይሲዎች ላይ የሚሠራውን ግፍ ከሰማሁ ወዲያማ እንቅልፍ የለኝም። በ1987 የወጣው አድሊብ የሚባለው የኮምፒውተር ድምፅ ካርድ ላይ ያማሃ የሠራት ባለ 9 ድምፅ አይሲ ነበረች። ዘዴው አንዱን ሞገድ በሌላው ሞገድ መነቅነቅ ነው፤ ጆን ቻውኒንግ ስታንፎርድ ውስጥ በ1967 የደረሰበት፣ በ1983 በወጣው ዲኤክስ7 ኪቦርድ ዓለምን ያጥለቀለቀው ዘዴ። የዚህችን አይሲ ዘመዶች ድምፅ በትክክል ለመቅዳት ምን ያደርጋሉ መሰላችሁ? አይሲዋን በአሲድ ልብሷን ያስወልቋታል። ጥቁሩ ፕላስቲክ ሟሙቶ ሲያልቅ በማይክሮስኮፕ ፎቶ ያነሷታል፣ ከፎቶው ላይ ትራንዚስተሮቿን አንድ በአንድ ይቆጥራሉ። ኑክድ ኦፒኤል3 የሚባለው ላይብረሪ የተጻፈው እንዲህ ካለ ፎቶ ተነሥቶ ነው። እኔ አይሲ ስነቅል እግሯ እንዳይታጠፍ ትንፋሼን እይዝ ነበር። እነሱ አሟሙተው ነፍሷን ይጽፋሉ።

ሲድ የሞተችበት ሰው ደግሞ አለ። ኮሞዶር ኩባንያው በሚያዝያ 1994 ከስሮ ስለተዘጋ ያቺን አይሲ የሚሠራ ፋብሪካ የለም። ታዲያ አንዳንዶቹ 28 እግር ያላት ትንሽ ቦርድ ሠርተው፣ በላይዋ ጥፍር የምታክል ዘመናዊ ኮምፒውተር አሳፍረው፣ በሟቿ መሰኪያ ይሰኳታል። በውስጧ የሚሮጠው ያው ላይብረሪ ነው። የሟች አልጋ ላይ ሌላ ሰው ተኝቶ በሟች ድምፅ «ደህና አደራችሁ?» ሲል አስቡት። የዳቦ ሣጥኑም አያውቅም፤ «ደህና እግዚአብሔር ይመስገን» ብሎ ይቀጥላል።

ይህንን ሁሉ ለልጅ ልጄ አንድ ሰዓት ሙሉ ነገርኩት። ታገሠኝ። ሲበቃው «አባባ፣ እስቲ ስማው» አለኝ። («ይስሙት» ማለትን የሚያስተምር ላይብረሪ እስካሁን የጻፈ የለም።) ወንበሬን ወደ ግድግዳ አዞረው። ከኔ ቁምሳጥን ያወጣውን፣ በገዛ እጄ የጠገንኩትን ኮሞዶር ከአንድ ስፒከር ጋር አያያዘው፤ ላፕቶፑንም ከዚያው ስፒከር ጋር አያያዘው። አንዱን ዘፈን ሁለት ጊዜ አሰማኝ። ከ50 ሺህ በላይ የሲድ ዜማ ተሰብስቦ ስለሚገኝ የዘፈን ችግር የለበትም።

የመጀመሪያው ሲያልቅ ናቅሁት። ደረቅ ነው። ሁለተኛው ሲጀምር ግን ወገቤ ቀና አለ። ያ ሻካራ ጉሮሮ! ያ ከሥር የሚንቀጠቀጥ ማጣሪያ! አንድ ጊዜ ብቻ ሳይሆን ሦስት ጊዜ ጠረጴዛውን መታሁ። «ይቺ ናት! ጉሮሮዋን አውቀዋለሁ። ልጄን ባላውቅ እሷን አውቃለሁ!»

ላፕቶፑ ነበር።

በመጀመሪያ ስፒከሩን ወቀስኩ። ቀጥዬ የጆሮ ማዳመጫ መሣሪያዬን ባትሪ ወቀስኩ። ዝናብም ነበር፣ እሱንም ሳልወቅስ አልቀረሁም። ባለቤቴ በር ላይ ቆማ «አንተ ሰውዬ፣ የኔንስ ድምፅ ከሬዲዮ ትለየዋለህ?» አለችኝና ቡናዋን ይዛ ተመለሰች። ለካ የሰማዩዋም ላም ትታለባለች። ወተቷም ወተት ነው።

ያን ሌሊት የመጣብኝ አባቴ ነው። አባቴ በገና ይደረድር ነበር። አሥሩን አውታር ከቃኘ በኋላ ሁልጊዜ አንድ የሚያደክም ሥራ ነበረው። በየአውታሩና በብርኩማው መሐል የምትገባውን ትንሽ የቆዳ ቁራጭ፣ እንዚራዋን፣ በጥፍሩ ወደ ፊት ገፋ፣ ወደ ኋላ ሳብ እያደረገ ጆሮውን ይሰጣታል። ያ የበገና እንዝርዝርታ ከእሷ ነው የሚመጣው። ልጅ ሆኜ «አባዬ፣ እሷን ብታወጣት አይጠራም?» አልኩት። አልተቆጣኝም። ከአንዱ አውታር ላይ አወጣትና መታው። ድም አለ፤ ጠራ፤ ወዲያው ሞተ። ቆዳዋን መልሶ አስገባና መታው። አውታሩ እያጉረመረመ ቤቱን ሞላው። «ጠርቶ ነበር» አለኝ፣ «በገና መሆኑ ግን ቀረ»።

ጠጋኝ ሆኜ ሳድግ ይህን ረሳሁት። ደንበኛ «አጥራልኝ» ይላል፣ እኔም ካፓሲተር እየቀየርኩ አጠራለሁ። የሚንሿሿ ድምፅ ሁሉ ጠላቴ ነበር። ላይብረሪ ጸሐፊዎቹ ግን አባቴን ሳያውቁት አባቴ ያለኝን ሰምተዋል። የዕቃው ጉድለት ከዕድሜ ብዛት ድምፁ ይሆናል፤ ጉድለቱን የረሳ ቅጂ ሌላ ዕቃ ነው። ያንን እንዚራ በቁጥር ለመጻፍ ዓመታት የፈጀ ሰው ሞኝ ነው ማለት አልችልም። ሞኝ ለማለት ብዙ ሞክሬአለሁ፤ ማስረጃ አጣሁ።

በማግሥቱ የቡና ጣሳዬን አወጣሁለት። አምስት 6581 ነበሩበት፣ እግራቸው እንዳይጎዳ በጥቁር ስፖንጅ የተተከሉ። ሦስቱ ሞተዋል። ከቀሩት ሁለቱ አንዷን ሰክቶ፣ ማጣሪያዋ በየቁጥሩ የት ድረስ እንደሚከፈት ሲለካ ዋለ፤ ከዚያ የላፕቶፑን ማስተካከያ ከእሷ ጋር እስኪገጥም አንሸራተተው። የኔዋ ብርድ ልብስ ከሚከናነቡት ወገን ናት። «አባባ፣ ይቺ እኮ በጣም የደፈነች ናት!» ብሎ ደስ ሲለው እኔ እንደ አባት ኮራሁ። የደፈነች ብትሆንም የኔ ናት። አሁን እኔ ሳልኖርም በኔ አይሲ ጉሮሮ ይዘፈናል።

ማጉረምረሜን ግን አላቆምኩም፤ የኔም እንዚራ እሱ ነው።

ስለዚህ ምድር ቤታችሁ ወይም የዘመድ ዕቃ ቤት ውስጥ የዳቦ ሣጥን የመሰለ ኮምፒውተር ካያችሁ አትጣሉት፣ ለቆርቆሮ ያለህም አትስጡት። የጠጋኝ ምክር ግን ስሙኝ። አብሮት የመጣውን ከባድ የኃይል ማቅረቢያ አትሰኩት። ብዙዎቹ ውስጣቸው በሙጫ ስለተሞላ ተከፍተው አይጠገኑም፤ ሲያረጁ 5 ቮልት መስጠት ያለበት መስመር ከልክ በላይ ይለቅና የመሣሪያውን ቺፖች ያቃጥላል። በዘመናዊ ቀይሩትና አብሩት። ከዚያ «ፖክ 54296,15» ብላችሁ አንዱን ዘፈን ልቀቁት። ጎረቤት መጥቶ ቢያንኳኳ ላይብረሪ ነው በሉት።